አልነሣም ያለው ሻርክ

የአያ ጢሞ የመጀመሪያ ልጅ ሳይፈለፈል ሞተ።

ጆሯችሁን ስጡኝ፣ እኔም ባሕሩን ልስጣችሁ። ድሮ፣ ከዳርቻው ብዙ ሳይርቅ፣ አሸዋና ድንጋይ በሚገናኙበት ቦታ አያ ጢሞ የሚባል ሻርክ ይኖር ነበር። አፉ አጠገብ ሁለት ጢም ነበረው፤ በጢሙ እየዳሰሰ አሸዋ ውስጥ የተደበቀውን ሁሉ ያገኛል። የጥልቁ ባሕር ሻርክ ካልዋኘ አይተነፍስም። አያ ጢሞ ግን ቀኑን ሙሉ በሆዱ ተኝቶ ውኃውን በአፉ ይስባል፣ በአንገቱ ስንጥቆች ያወጣል።

ሚስቱ ሁለት እንቁላል ጥላለት እንደ ሻርክ ወግ ሄደች። እንቁላሉ የቆዳ ከረጢት ይመስላል፤ ጫፉ ላይ ያለው ክር ከባሕር ሣር ጋር ያስረዋል። አባት እንቁላል አይጠብቅም ነበር፤ አያ ጢሞ ግን ጠበቀ። አንድ ቀን ለምግብ ወጣ ብሎ ሲመለስ አንደኛው ከረጢት መርፌ የምታህል ቀዳዳ ነበረው። ውስጡ ባዶ ነው።

በዚያ አገር ሐዘንተኛ መሬት ይተኛል፤ በሦስተኛው ቀን ጎረቤት መጥቶ ያነሣዋል። በሦስተኛው ቀን ጎረቤት መጣ።

መጀመሪያ አያ ሸርጣን በጎኑ እየሄደ ደረሰ።

«እግዜር ያጽናህ፣ አያ ጢሞ። በል እንግዲህ ተነሥ፤ መሬት መተኛቱ ይብቃህ።»

«እኔ ሁልጊዜም መሬት ላይ ነኝ።»

«ኧረ ተው!»

«አምና የት ነበርኩ?»

«መሬት ላይ።»

«ካቻምናስ?»

«እሱስ መሬት ላይ ነበርክ። ያኔ ደግሞ ማን ሞቶብህ ነው?»

አያ ጢሞ ዓይኑን ጨፈነ።

ቀጥላ እትዬ ኤሊ መጣች። «ልጅ በልጅ ይረሳል። እኔ መቶ ጥዬ አንዱንም አላውቀው! ተነሥና ትንሽ ውኃ ቅመስ።»

«እትዬ ኤሊ፣ ውኃ ውስጥ ነኝ።»

ሦስተኛ የመጣው የአጎቱ ልጅ፣ የጥልቁ ባሕር ትልቅ ሻርክ፣ በላዩ እየዞረ ጮኸ። «ሻርክ ካልዋኘ ይሞታል! ተነሥ!»

«ካልዋኘህ የምትሞተው አንተ ነህ። እስቲ አንዴ ቁምና እንነጋገር።»

«መቆም አልችልም!» አለና ዞሮ ተመለሰ። «ተነሥ!» አለና ደግሞ ዞረ።

ከሁሉ ኋላ እመት ቀንድ አውጣ ተቀምጣለች። ከሁሉ አብልጣ የምታለቅሰው እሷ ናት። «ወዮ ልጄን! ወዮ የኔን አበባ!»

«ሆዷ እንዴት ባባ!» አለች እትዬ ኤሊ።

እመት ቀንድ አውጣ እንባዋን ጠርጋ፣ «እሱ በቃል አይነሣም፤ ተሸክማችሁ አንሡት እንጂ!» አለች። «የተረፈውን ልጅ እኔ እይዝለታለሁ።»

«ተዉኝ! ልጄን ትቼ የትም አልሄድም!» አለ አያ ጢሞ። ማን ሰምቶት! አያ ሸርጣን ጅራቱን ያዘው። እትዬ ኤሊ ከሆዱ ሥር ገብታ ገፋችው። አሸዋው ቦነነ፣ ውኃው ደፈረሰ። አያ ጢሞ ከመሬት ተነሣ።

ያን ጊዜ፣ ጭርር፣ ጭርር የሚል ድምፅ ሰማ።

ዓይኑ ምንም አላየም። በጢሙ እየዳሰሰ ወደ ሁለተኛው ከረጢት ሄደ። እመት ቀንድ አውጣ ከረጢቱ ላይ ተለጥፋለች፤ እንደ ሞረድ የሻከረ ምላሷ ወጥቷል።

«ምን እያደረግሽ ነው?»

«እየሳምኩት ነዋ!»

«የመጀመሪያውንም ስመሽዋል?»

እመት ቀንድ አውጣ ወደ ቅርፊቷ ሸሸች። አያ ጢሞ አፉን ከፍቶ አንድ ጊዜ ሳበ። ከነቅርፊቷ ቀረጠፋት።

ከረጢቱን በጢሙ ዳሰሰው። ቆዳው ተፋቀ እንጂ አልተበሳም። በውስጡ ትንሽ ጅራት ተወራጨች።

አሸዋው ሲረጋ አያ ሸርጣን አየውና ደስ አለው። «ይኸው! ተነሣህ አይደል? አላልኩህም?»

አያ ጢሞ ብዙ ሊናገር አስቦ ነበር። ደከመው።

«አያ ሸርጣን፣ ማዘኑን እያዘንኩ ነው» አለ። «መተኛቱ ግን ኑሮዬ ነው። በሉ ደህና ግቡ።»

መሬት የተኛ ሁሉ ወድቋል አትበሉ፤ ጮኾ ያለቀሰ ሁሉም ዘመድ አይደለም።

ጎረቤት ሁሉ ሄደ። አያ ጢሞ የላላውን ክር በአፉ ይዞ ሣሩ ላይ ደግሞ ጠመጠመው። ከዚያም በባዶው ከረጢትና በሙሉው ከረጢት መካከል በሆዱ ተኛ።