ትርሲትን ያስገባት እጅ

አንድ የቅርጫት ኳስ አሰልጣኝ ነበረ። ናሁሰናይ፣ ጥያቄህን ሰምቻለሁ። የትምህርት ቤታችሁ ርዕሰ መምህርት የታዘዘችውን አልፈጽምም ብላ ከቦታዋ ተነሳች፤ አንተ ምክትሏ ነበርክና ተካት ተብለሃል። እሷ እምቢ ያለችውን እኔ ብፈጽም፣ ትእዛዙ ከላይ የመጣ ስለሆነ ጥፋቱ የእኔ ነው ወይ ብለህ ጠየቅኸኝ። መልሴን ከመስማትህ በፊት በዚህ አሰልጣኝ ላይ የደረሰውን ስማ።

ሰውየው በአንድ የመምህራን ኮሌጅ የስፖርት መምህር ሆኖ ተቀጠረ። ኮሌጁ የሴቶች ቡድን አልነበረውም። ሜዳ የሚሉትም ከመማሪያ ክፍሎቹ ጀርባ ያለ፣ ዝናብ ሲመጣ የሚጨቀይ ባዶ ቦታ ነበር። አሰልጣኙ ከተማሪዎቹ ጋር ድንጋዩን ለቀመ፣ አፈሩን ደለደለ፣ አንድ በያጅ ለምኖ ሁለት ቀለበት አሠራና ምሰሶ ላይ ሰቀለ። ሴቶቹን ለልምምድ ሲጠራ ግን የመጡት ጥቂት ነበሩ። ወላጆች ልጃችንን የላክናት እንድትማር እንጂ እንድትዘል አይደለም አሉ። እሱም በየቤታቸው እየሄደ አባቶችን ለመነ። ልጆቻችሁን በደህና ወስጄ በደህና እመልሳለሁ ብሎ ቃል ገባ። ይህን ለማግባቢያ ያህል አልተናገረውም። ልምምድ ሲያበቃ ቤታቸው ራቅ ያለውን ራሱ እየሸኘ ያደርስ ነበር።

ቡድኑ መጀመሪያ ላይ በሄደበት ሁሉ ተሸነፈ። ሰው የሳቀበት ደግሞ አሠለጣጠኑ ነበር። ሌሎቹ ልጆቹን ኳስ ሲያስወረውሩ እሱ ከሁሉ በፊት ዘልሎ ማረፍን ያስተምር ነበር። ጉልበት የሚጎዳው ሲነሱ ሳይሆን ሲያርፉ ነው፤ ማረፍ ያልቻለች አትዘልም ይላቸው ነበር። ተማሪዎቹ ቀስ እያሉ ማሸነፍ ጀመሩ። ተመርቀው የወጡት በየወረዳው የስፖርት መምህራን ሆኑና ጎበዝ ልጅ ሲያዩ ወደ እሱ መላክ ያዙ። ጭቃው ሜዳ ሲሚንቶ ለበሰ። ሰውየው ፀጉሩ ሸበተ፤ ከኮሌጁም ስም ይልቅ የእሱ ቡድን ስም በክልሉ ይታወቅ ጀመር።

በዚህ መሀል አዲስ ዲን ተሾመ። ዲኑ ኳስ አያውቅም፤ ዋንጫ ግን ይወዳል። የዚያ ዓመት የፍጻሜ ጨዋታ በኮሌጁ ሜዳ እንዲሆን አደረገና የክልል ባለሥልጣናትን ጋበዘ። የቡድኑ አምበል ትርሲት የምትባል ልጅ ነበረች። ከፍጻሜው በፊት በነበረው ጨዋታ ተገፍታ ክፉኛ ወደቀችና ጉልበቷ አበጠ። የመረመራት ሐኪም ጅማቱ ተጎድቷል፣ በዚህ እግር ከተጫወተች ዳግመኛ ቀጥ ብላ ላትሄድ ትችላለች አለ። ትርሲት አልቅሳ ለመነች። አሰልጣኙ ልቡ ቢራራላትም አልሰማትም፤ ከተቀያሪዎቹ አጠገብ አስቀመጣት። ጉልበቷን በፋሻ ሲያስር ደግሞ ረዳቱ አጠገቡ ቆሞ ፋሻውን ያቀብለው ነበር። ይህን ረዳት ልብ በለው። አሰልጣኙ ከተማሪነቱ ጀምሮ ያሳደገው፣ የሚያውቀውን ሁሉ ሳይሰስት ያስተማረው ሰው ነው።

ጨዋታው ተጀመረ። ከእረፍት በኋላ የኮሌጁ ቡድን እየተመራ ነበር። ዲኑ ከክብር እንግዶቹ መሀል ተነስቶ አሰልጣኙ ወደቆመበት ወረደ።

«ትርሲትን አስገባት» አለው።

«ጉልበቷ ተጎድቷል። አትገባም።»

«እንግዶቹ እሷን ሊያዩ ነው የመጡት። አስገባት አልኩህ።»

«ይህችን ልጅ ከአባቷ እጅ የተቀበልኳት እኔ ነኝ» አለ አሰልጣኙ ድምፁን ሳያነሳ። «አንካሳ አድርጌ አልመልሳትም።»

ዲኑ ከዚህ ሰዓት ጀምሮ አሰልጣኝ አይደለህም፣ ሜዳውን ልቀቅ አለው። ከዚያም ወደ ረዳቱ ዞረና ቡድኑን አንተ ምራ፣ ልጅቷንም አስገባ ብሎ ወደ መቀመጫው ተመለሰ። አሰልጣኙ ፊሽካውን ከአንገቱ አውጥቶ ለረዳቱ ሰጠው። «አደራህን፣ እንዳታስገባት» አለው። ከሜዳው ወጥቶ ከአጥሩ ውጭ ቆመ።

እዚህ ላይ አስተውል። ዲኑ በገዛ እጁ ተጫዋች ማስገባት አይችልም ነበር። የጨዋታው ደንብ አይፈቅድለትም። ቢጮህ፣ ቢቆጣ፣ መሬቱን ቢረግጥ፣ የዳኞቹ ጠረጴዛ አይሰማውም። ቅያሪ መጠየቅ የሚችለው ቡድኑን የያዘው ሰው ብቻ ነው። በዚያች ደቂቃ ትርሲትን ሜዳ ሊያስገባ የሚችል እጅ በዚያ ግቢ ውስጥ አንድ ብቻ ነበር፤ እሱም የረዳቱ እጅ ነው። እኔም አላስገባትም ቢል ዲኑ የሚያዘው ሦስተኛ ሰው አልነበረውም። ረዳቱ ወደ ዲኑ አየ፤ ወደ አጥሩ አላየም። እጁን አነሳና ቅያሪ ጠየቀ።

ትርሲት ገባች። ሕዝቡ በጭብጨባ ተቀበላት። እያነከሰች ኳሱን ቀለበት ውስጥ አገባች፣ ደግማ አገባች፣ ቡድኑም መሪነቱን ያዘ። ጨዋታው ሊያልቅ ጥቂት ሰከንዶች ሲቀሩት ኳስ ልትይዝ ዘለለች። ስታርፍ ጉልበቷ ከዳት። ጩኸቷን ከአጥሩ ውጭ የቆመው አሰልጣኝ ሰማው፤ በዚያ ዕድሜው አጥሩን ዘልሎ ገባ። ታቅፎ ወደ ሆስፒታል ሲወስዳት ከኋላው የድል ዘፈን ይዘፈን ነበር። ያን ዘፈን ባሰብኩ ቁጥር ደሜ ይፈላል። ልጅቷ በሰው እቅፍ ከበር ስትወጣ እነሱ ዋንጫ ይዘው ፎቶ ይነሱ ነበር።

ቀጥሎ የሆነው ደግሞ የባሰ ነው። አሰልጣኙ ትእዛዝ ጥሷል ተብሎ ተባረረ። በሻይ ሰዓት ሲያሞግሱት ከነበሩት መምህራን አንድ እንኳ አፉን አልከፈተም። የትርሲት አባት ከገጠር መጣና ልጄን በዚህ እግሯ ማን ነው ያስገባት ብሎ ጠየቀ። ወደ ረዳቱ ላኩት። ረዳቱ እኔ የታዘዝኩትን ነው የፈጸምኩት፣ ዲኑን ጠይቁ አለው። ወደ ዲኑ ገባ። ዲኑ ወንበር ስቦ በአክብሮት አስቀመጠው፤ እንዲህም አለው፦

«አባቴ፣ እኔ አሰልጣኝ አይደለሁም። ማን እንደሚጫወት የሚወስነው ቡድኑን የያዘው ሰው ነው።»

አባትየው ከአንዱ ቢሮ ወደ ሌላው ሲመላለስ ዋለና የልጁን ጉልበት የሰበረ ሰው ሳያገኝ ወደ አገሩ ተመለሰ። ልጅ ተሰብራለች፣ ሰባሪ ግን የለም። እንዲህ ያለ ነገር ይዋጥልሃል?

አሰልጣኙ በአንዲት ትንሽ ከተማ የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ሥራ አገኘና ሕፃናትን ዘልሎ ማረፍ እያስተማረ እዚያው አረጀ። ትርሲት በክራንች ተመርቃ አስተማሪ ሆነች፤ ክረምት በመጣ ቁጥር እየሄደች ትጠይቀው ነበር። ዲኑ በሹመት አድጎ ሄደ። ረዳቱ የአሰልጣኝነቱን ቦታ ተረከበ፤ ከትርሲት ጋር የተጫወቱት ልጆች ግን አንድም ቀን ለልምምድ አልመጡለትም። ማንም አልከሰሰውም። እስከ ዛሬ ስለዚያ ቀን ሲነሳ እኔ ምን አደረግሁ ይላል።

አሁን ወደ አንተ ልመለስ ናሁሰናይ። ርዕሰ መምህሯ ግድግዳው በተሰነጠቀው ክፍል ልጆች አላስገባም ብላ ነው የተነሳችው። እንግዶች ሲመጡ ትምህርት ቤቱ ሞልቶ እንዲታይ ሰኞ ጠዋት ልጆቹን አስገባ ተብለሃል። ያዘዘህ ሰው ሰኞ ጠዋት እዚያ አይኖርም። ልጆቹ እሱን አያውቁትም፤ ግቡ ቢላቸውም አይሰሙትም። ግቡ ስትላቸው የሚገቡት አንተ ስለሆንክ ነው፤ ጋሼ ስለሚሉህ፣ ስለሚያምኑህ። ግድግዳው ቢወድቅ ያዘዘህ ሰው፣ እኔ ርዕሰ መምህር አይደለሁም፣ ማን የት ክፍል እንደሚገባ የሚወስነው ትምህርት ቤቱን የያዘው ሰው ነው ይላል። እውነቱንም ነው።

ጥፋቱ የማን ነው ብለህ ጠይቀኸኛል። የእሱም ነው። ያዘዘ ከፍርድ ያመልጣል አላልኩህም። ነገር ግን የእሱ ትእዛዝ ያለ አንተ አፍ ቃል ብቻ ነው፤ አንድ ሕፃን እንኳ ከደጅ ወደ ውስጥ አያስገባም። ሰኞ በሩ ላይ የምትቆመው አንተ ነህ። እምቢ ካልክ ክፍሉ ባዶውን ይውላል።