ያልተለኮሰው የእንዶድ ሜዳ ደመራ

እንዶድ ሜዳ በሚባለው አገር ለመስቀል ደመራ ይደመራል፤ አደይ ይታሰርበታል፣ ይዞራል፣ ይዘፈናል፣ እሳት ግን አይነካውም። የጎረቤት አገር ሰዎች «እነዚያ ክብሪት የሚሰስቱ» እያሉ ያላግጣሉ። ማላገጥ ቀላል ነው። የነገሩን ምክንያት ግን አባቶች እንዲህ ያወጉታል።

በቀድሞ ዘመን አገሩን ይገዙ የነበሩት ፊታውራሪ ዓለምሰገድ፣ እርሻቸው ሰፍቶ ቀን ቢያጥርባቸው፣ ገበሬው እሑድም እንዲያርስላቸው አዘዙ ይባላል። «ሰንበት አንሽርም» ያሉ ዐሥራ ሁለት አባወራዎች በእግር ብረት ታሰሩ። ከነዚህ አንዱ የትርንጎ ባል ነበር። ትርንጎም በገዳም ወደሚኖሩት ታላቅ ወንድሟ፣ ወደ አባ ዘወንጌል ሄዳ «ወንድምዓለም፣ ባሌን ያስፈቱልኝ» ብላ እግራቸው ላይ ወደቀች።

መነኩሴው እንደ አገሩ ልማድ ድንጋይ ተሸክመው ከፊታውራሪው ደጅ ሁለት ጊዜ ለምልጃ ቆሙ፤ አሽከሮቹ ግን «ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» እያሉ መለሷቸው። የመስቀል ዕለት ማለዳ ፊታውራሪው ደመራውን በእጃቸው ለኩሰው ሕዝቡ እልል ሲል፣ አባ ዘወንጌል ወደ ፊት ወጡ።

«ጌታዬ፣ ሰንበትን ያከበሩ ታስረው በዓል አይከበርም። ቃሌን ካልሰሙ ይህን ይዩ።»

መስቀላቸውን ለእኅታቸው ሰጥተው ወደሚነደው እሳት ገቡ። ሰው ሮጦ አልደረሰባቸውም። እንደሚነገረው፣ ፊታውራሪው ፀሐይ ሳትጠልቅ እስረኞቹን ፈቱ፤ የሰንበት እርሻም በዚያው ቀረ።

የትርንጎ ባል ቤቱ ገባ። እርሷ ግን ደጅ ደጁን ማየት አልተወችም፤ «ባሌን ይመልሱልኝ አልኩ እንጂ እርስዎ ይሂዱልኝ መች አልኩ!» እያለች ታለቅስ ነበር። ካህናቱም ራሱን ላጠፋ ፍትሐት የለምና፣ የሚወዷቸውን መነኩሴ ስም ከሙታን ጋር ሊጠሩት አልቻሉም። ትርንጎን ከሞታቸው ይልቅ የጎዳት ይህ ነው ይላሉ፤ እኔም አምናለሁ። የናፈቁትን ሰው ስሙን እንኳ ጠርቶ የሚያጽናና ሲጠፋ አንጀት ያራል። ለዓመት ያህል እህል በወጉ አልቀመሰችም ይባላል።

በዓመቱ ደመራው ሊለኮስ ሲል ትርንጎ ጀርባዋን ለደመራው፣ ፊቷን ለችቦ ያዦቹ ሰጥታ ቆመች።

«አምና የገባው ወንድሜ ገና አልወጣልኝም። አታቃጥሉብኝ» አለች።

ባሏ ቀድሞ ችቦውን አፈር ላይ ደፍቶ አጠፋ፤ የተቀሩትም ተከተሉት። ከዚያ ወዲህ እንጨቱ ሳይነድ ይሰነብትና ለአቅመ ደካሞች ይከፋፈላል።

ዛሬም ካህናቱ ደመራው ሥር የሙታንን ስም ሲያነቡ አንድ ቦታ ላይ ቆም ይላሉ። ሕጉ አይፈቅድላቸውም፤ ለመቀጠልም አይቸኩሉም። ያን ጊዜ ሴቱም ወንዱም፣ ትርንጎ እስክትሞት ብቻዋን ታደርገው እንደነበረው፣ ከማዶ ያለን ሰው እንደሚጠራ ድምፁን ከፍ አድርጎ «አባ ዘወንጌል!» ይላል፤ ከዚያም «አቤት» የሚል ካለ ብሎ ጥቂት ያዳምጣል።