የጦይባ እሹሩሩ

በአንድ ወቅት፣ ድንጋይ የሰው ነገር ሰምቶ በሚያድርበት ዘመን፣ ገደል አፋፍ ላይ በተቀመጠች አገር ጦይባ የምትባል እናት ነበረች። የዚያች አገር ሰው ልጅ ሲወለድለት ገደሉን ይወርድና ለልጁ ድንጋይ ፈልፍሎ ያመጣል። ለአንዱ ጨው ይወጣለታል፣ ለሌላው ኦፓል። ሁለቱም የየራሳቸው ጠባይ አላቸው፤ ጠባያቸውን ካላወቃችሁ ኋላ ስትከራከሩ ትሳሳታላችሁና ጆሯችሁን ስጡኝ።

ጨው በሽታ ይስባል። በሕመምተኛው ውስጥ እግር ላይ ያስሩታል፤ በሽታውን ጠጥቶ ይሟሟል፣ አለቀ። የሚሠራው አንድ ጊዜ ብቻ ስለሆነ ባለቤቱ ለራሱ ክፉ ቀን ይሸሽገዋል። ኦፓል ደግሞ፣ ያ በሆዱ ቀስተ ደመና ያለው ድንጋይ፣ ድምፅ ይይዛል። አፍ ላይ አስጠግተው ያዜሙበታል። የሚይዘው ግን የአንድ ሰው ድምፅ ነው፤ ሌላ ሲገባበት የፊተኛው ይወጣል። የድምፁ ባለቤት በገዛ እጁ በአንድ ሰው መዳፍ ላይ ያኖረዋል፤ ከዚያ ወዲያ ለዚያ ሰው ብቻ ያዜማል፣ ሌላው ቢይዘው ጠጠር ነው። ደግሞም ከደረቀ ይሰነጠቃል፤ እንደ ቡቃያ ውሃ ይፈልጋል።

ጦይባ ድምፅ ነበራት። ድምፅ ስላችሁ እንደ እኔ ያለ ጎርናና እንዳይመስላችሁ። በመንደሩ አልተኛም ብሎ ያስቸገረ ሕፃን ሁሉ ወደ እሷ ይመጣል፤ እሹሩሩ ስትለው የሕፃኑን ተዉት፣ ያመጣችው እናትም እዚያው ታንቀላፋለች። ልጆቿ ሦስት ናቸው። በኩሯ ሰዓዳ ባለ ጨው ናት፣ መካከለኛው ይመር ባለ ኦፓል ነው። ትንሿ ሩቂያ የጡት ልጅ ናት፤ ጎረቤቷ ስትሞት ጦይባ ከጉያዋ አንስታ አጥብታ አሳደገቻት። ድንጋይ የሚያወጣላት አባት ስላልነበራት ባዶ እጇን አደገች።

አንድ ዓመት ጦይባ በንዳድ ወደቀች። ሰዓዳ ሩቅ አገር ተድራ ስለነበር መልእክተኛ ተላከላት። ይመር አልጋው አጠገብ ተቀምጦ የእናቱ ትንፋሽ ሲያጥር አየ። በኦፓሉ ውስጥ የሟች ሚስቱ ድምፅ ነበር፤ መዳፉ ላይ አድርጎ ሳይሰማት ተኝቶ አያውቅም። ያን ቀን ለመጨረሻ ጊዜ ሰማትና «አፉ በይኝ፣ የኔ ዓለም» ብሎ ድንጋዩን ወደ እናቱ አፍ አስጠጋ። ጦይባ በቀራት ትንፋሽ እሹሩሩዋን ከዳር እስከ ዳር አዜመችበት። የሚስቱ ድምፅ ወጥቶ ሄደ።

ከዚያ ሰዓዳ ደረሰች። ለራሷ የሸሸገችውን ጨው ሳታመነታ አወጣች። ነገር ግን ደንግጣ ውስጥ እግር የሚባለውን ረስታ፣ ያ ሲያቃስት የሰማችው ጉሮሮ ላይ አሰረችው። ጨው እንግዲህ ያገኘውን ይጠጣል፤ ንዳዱንም ጠጣ፣ ድምፁንም ጠጣ። ጦይባ በማግስቱ ተነስታ ተቀመጠች። ልጇን ልትመርቅ አፏን ብትከፍት ምንም አልወጣ። ሰዓዳ ያኔ ያለቀሰችውን ልቅሶ አታንሱብኝ።

ከጦይባ ድምፅ የቀረው ድንጋዩ ውስጥ ያለው ብቻ ሆነ። ለማን ታኑረው? ዛሬ ነገ ስትል ድርቅ ገባ፣ ምንጩም ደረቀ። ውሃ ከሩቅ በአህያ ይመጣ ጀመር፤ ለሰው ያልበቃ ውሃ ለድንጋይ ማን ይሰጣል? ኦፓሉ ጠርዙ ላይ ቀጭን ስንጥቅ አወጣ።

ሩቂያ ያን ጊዜ ነፍሰ ጡር ነበረች። በምራቋ እንዲርስ ድንጋዩን አንስታ አፏ ውስጥ ከተተችው፤ የሷ ድምፅ እንዳይገባበትም ቃል አላወጣችም። ስትበላ ወደ ጉንጯ ትገፋዋለች፣ ስትተኛ ከምላሷ ሥር ታደርገዋለች። ምጥ ሲይዛት አዋላጆቹ ትፊው፣ አንቆ ይገድልሻል ብለው ቢለምኗት በእምቢታ ራሷን ነቀነቀች። ሴት ልጅ ወለደች። ልጅቱ የእናቷንም የአያቷንም እሹሩሩ ሳትሰማ ዳኸች፤ የአንዷ አፍ ሙሉ ነው፣ የሌላዋ ባዶ።

በመጨረሻ ዝናብ ጣለ። ሩቂያ ድንጋዩን ከአፏ አውጥታ በጠፈጠፉ ውሃ አጠበችና ለእናቷ ሰጠቻት። ጦይባ ልጆቿን ዙሪያዋን አስቀመጠች። ዕድሜዋ ገፍቷል፤ በሰው መዳፍ ላይ ሳታኖረው ብትሞት ድምፁ አብሯት ይሞታል። ልጆቹ ይዋደዳሉ። ይዋደዱ እንጂ ሦስቱም ድንጋዩን ይፈልጉታል፣ መፈለጋቸውም ያሳፍራቸዋል።

ይመር እንዲህ አለ፦ «እምዬ፣ ቤቴ ጭር ብሏል። የነበረኝን ድምፅ ላንቺ ለቅቄያለሁ።»

ሰዓዳ መሬት መሬት እያየች «አፍሽን በከፈትሽ ቁጥር ያጠፋሁት ነው የሚታየኝ። ልስማውና ይቅር እንዳልሽኝ ልወቅ» አለች።

ሩቂያ ከዚያ ሁሉ ዝምታ በኋላ ያወጣችው ቃል አጭር ነበር፦ «ለእኔ አይደለም፤ ለልጄ መዳፍ።»

ጦይባ ሦስቱንም ዓይን ዓይናቸውን አየቻቸው። እንባዋ ይወርዳል፣ ከንፈሯ ይስቃል። ድንጋዩን የያዘው እጇ ተነሳ።

እዚህ ላይ ስደርስ ሁልጊዜ አንዱ ዘሎ ለይመር ነው ይላል፤ እሱ ባይኖር የሚሰጥ ድምፅ መች ይኖር ነበር? ሌላው ይቀበልና ሰዓዳ ባታድናት የምትሰጥ እናት መች ትኖር ነበር ይላል። ድምፁን ያጠፋች እሷ አይደለችም ወይ የሚልም አይጠፋም። እናቶቹ ሩቂያ፣ ሩቂያ ይላሉ። አንድ ቀን ግን ጥግ ይዛ የምትሰማ አሮጊት «ድምፅ ያጣችው ጦይባ ናት። ለምን በራሷ መዳፍ አታኖረውም?» አለች።

እኔ እንደሆነ ዕድሜዬን ሙሉ አውርቼው አልቆረጠልኝም። እጇ እንደተነሳ ነው፣ ልጆቿም እየጠበቁ ነው። እስቲ እናንተ ንገሩኝ፦ ጦይባ እሹሩሩዋን በማን መዳፍ ላይ ታኑረው?