በር ዘግቶ መካፈል

«አንድ ነገር ያዢ ልጄ፤ ውርስ በሚካፈልበት ቀን በሩን የሚቀረቅር ሰው፣ የሚደበቀው ከሌባ አይደለም።»

ይህን ያሉኝ የሰፈራችን አሮጊት እማማ ሩቅያ ናቸው። ትምህርቴን አቋርጬ ቤት የዋልኩበት ዓመት ነበር፤ እሳቸው ዘንድ ስፌት እማር ነበር። «ታዲያ ከማን ነው የሚደበቀው?» ብዬ ብጠይቃቸው ይህን ተረኩልኝ። እንደሰማሁት ላካፍላችሁ።

አንድ ባለ አትክልት ሽማግሌ ነበር። በአንዲት የቆላ ከተማ ዳር፣ ወንዝ አጠገብ፣ ሰፊ የብርቱካን እርሻ ነበረው። ሚስቱ ቀድማ ሞታለች። አረቡ፣ ሙሔና ይማም የሚባሉ ሦስት ወንዶች ልጆች ነበሩት። ወንዙን ጠልፎ ቦይ የቆፈረው፣ ያንን ሁሉ ብርቱካን ውሃ ያጠጣው ትንሹ ልጅ ይማም ነው። ይማም ግን ከአባቱ በፊት ሞተ። ሚስቱ ዘሃራና ሴት ልጁ ሶፍያ በግቢው ጥግ ባለችው አንዲት ክፍል ውስጥ ቀሩ። ሽማግሌው «እኔ እያለሁ ማንም አይነካችሁም» ይላቸው ነበር። እውነትም እሱ እያለ ማንም አልነካቸውም። ታዲያ እሱም አንድ ቀን ኑዛዜ ሳይናገር ድንገት ሞተ።

በዚያች ከተማ አንድ ልማድ አለ። ውርስ ሲካፈል የቤቱ በር ወለል ብሎ ይከፈታል። የመጣ ይገባል፤ አባት የሌለው የቲምም ይሁን ችግረኛ፣ ከሚካፈለው ላይ ጥቂት ሳይዝ አይወጣም። አረቡ ይህን ያውቃል። በልጅነቱ ደረሳ ሆኖ ቁርኣን ተምሯልና ልማዱ ከየት እንደመጣም ያውቃል። ስለዚህ በመካፈያው ዕለት ጠዋት፣ በለቅሶው ሰሞን የቆሸሸውን የቤቱን ልብስ ሁሉ ጠቅልሎ ለዘሃራ ሰጣት።

«ወንዝ ወስደሽ እጠቢልን። ልጅቷንም ይዘሻት ሂጂ፣ ታግዝሽ።»

«ዛሬ? ውርሱን የሚያካፍሉት ሸኽ ይመጣሉ ሲባል ሰምቼ ነበር።»

«እሳቸው የሚመጡት ለኛ ነው። ሂጂ፣ ፀሐዩ ሳይበረታ።»

ዘሃራ ገብቷታል። ነገር ግን እሷና ልጇ የሚያድሩባት ክፍል በእሱ እጅ ናት። ጥቅሉን ተሸክማ፣ ልጇን አስከትላ ወጣች።

ሸኽ ቡሽራ የውርስ ክፍፍልን ጠንቅቀው የሚያውቁ ሊቅ ነበሩ። ጫማቸውን ደጅ፣ ከወንድማማቾቹ ጫማ አጠገብ አውልቀው እንደገቡ፣ አረቡ በሩን ዘጋና መቀርቀሪያውን ጣለ። ሸኹ አዩት። ዱዓ አድርገው አካፈሏቸው። ከቦዩ ወዲህ ያለው ብርቱካን ከነግቢው ለአረቡ፣ ከቦዩ ወዲያ ያለው ሰፊው ለሙሔ ደረሰ።

«የጥጓ ክፍልስ?» አሉ ሸኹ።

«እሷ ከግቢው ጋር ለኔ ደርሳለች» አለ አረቡ። «ሴትዮዋ ልጇን ይዛ ወደ ወላጆቿ አገር ትሄዳለች። ልጅ እያለ የልጅ ልጅ አይወርስም። ተሳሳትኩ ሸኽ ቡሽራ?»

«አልተሳሳትክም። እናንተ እያላችሁ ሶፍያ ድርሻ የላትም። እኔም የሌለ ድርሻ አልፈጥርላትም።»

አረቡ ፈገግ አለ። ሙሔ ግን ዓይኑን ከምንጣፉ ላይ አላነሳም።

«በሩን ለምን ዘጋችሁት?» አሉ ሸኹ።

«ነፋሱ ነው» አለ ሙሔ ፈጠን ብሎ።

«ነፋሱ ደግሞ መቀርቀሪያ መጣል ጀመረ?»

አረቡ ወንድሙን ገላመጠው። «ይተዉት ይህን። እኔው ልንገርዎት፤ እኔም ደረሳ ነበርኩ። ቁርኣን ውስጥ ድርሻን ከሚከፍለው አንቀጽ ከፍ ብሎ ያለው አንቀጽ፣ ሲካፈል ዘመድ፣ የቲምና ምስኪን ከተገኙ ከእሱ ስጧቸው፣ መልካም ቃልም ንገሯቸው ይላል። ከተገኙ! እስቲ ይዩ፣ እዚህ ማን አለ? ድመት እንኳ የለችም።»

ሸኹ ጢማቸውን ይዘው ቆዩ።

«ሊቃውንት በዚህ አንቀጽ ከጥንት ጀምሮ ተከራክረዋል» አሉ። «አንዱ ወገን፣ የድርሻው አንቀጽ ሲወርድ የዚህ ሥራ አበቃ አለ። ሌላው ወገን፣ የለም አላበቃም፣ ሰው ነው የተወው አለ። ግዴታ ነው ያለም አለ፤ በጎ ሥራ ነው ያለም አለ። ሁሉንም ተምሬአለሁ፣ ሁሉንም አከብራለሁ። በሩን ቀርቅሩት፣ ያኔ ሥራው ያበቃል ያለ ሊቅ ግን እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም።»

አረቡ ሊመልስ አፉን ሲከፍት በሩ ተንኳኳ።

«አያ አረቡ! ሳሙናው አለቀ። እማዬ ሌላ ስጡን ብላለች!»

የሶፍያ ድምፅ ነው። ሙሔ ሊነሳ ሲል አረቡ ክንዱን ለቀም አደረገው። «ቁጭ በል» አለ በሹክሹክታ። «የሉም ብላ ትሄዳለች።»

እንደገና ተንኳኳ። «አያ ሙሔ! ኧረ አላችሁ፤ ጫማችሁን ደጅ አየሁት እኮ!»

ማንም አልተነቃነቀም። ሸኹ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ከተገኙ ነው የሚለው ብለሃል» አሉት። «ይኸው ተገኘች። በሷና በአንቀጹ መካከል የቀረው ያ እንጨት ብቻ ነው። እኔ አልከፍተውም፤ ቤቱ የአንተ ነው፣ አሁን ያካፈልኩህም እኔው ነኝ። ከሱ የሚቀጥለውን አንቀጽ ብቻ በቃልህ ቅራልኝ።»

አረቡ ጀመረ። ከኋላቸው ደካማ ልጆችን ትተው ቢሄዱ የሚሰጉላቸው ሰዎች ይፍሩ የሚለው ነው። ከልጅነቱ ጀምሮ በቃሉ ያውቀዋል፤ ድምፁም መጀመሪያ ላይ ጎላ ያለ ነበር። ደካማ ልጆች ከሚለው ሲደርስ ከጓዳ የገዛ ልጁ፣ ገና ጡት ያልጣለችው፣ አለቀሰች። እናቷ እሹሩሩ ስትላት ተሰማ። አረቡ አቋረጠ። ደጅ ሶፍያ ገና አልሄደችም። በበሩ ስንጥቅ ጥላዋ ይታያል።

«ጨርሰው» አሉ ሸኹ።

«ጠፋኝ።»

«አልጠፋህም።»

አረቡ ተነሳ። መቀርቀሪያውን ይዞ ጥቂት ቆመ፣ ከዚያ ሳበውና ከፈተ። ሶፍያ እስከ ክርኗ ርሳ፣ ያለቀችውን የሳሙና ቁራጭ በመዳፏ ይዛ ቆማለች። አጎቷን ቀና ብላ አየችው። መቆጣት ለምዷልና መጀመሪያ አፉ ላይ የመጣለት ቁጣ ነበር። ዋጠው።

«ልብሱን ተዪው» አላት በመጨረሻ። «እኛው እናጥበዋለን። እናትሽን ጥሪያትና ግቡ።»

ከደረሰው ላይ ያቺን የጥግ ክፍል ለእናትና ለልጅ ሰጠ፤ ሸኹና ሙሔ መሰከሩ። ሙሔም ከራሱ ድርሻ በይማም ቦይ ዳር ያሉትን ብርቱካኖች ጨመረላቸው። አረቡ «አንተ መቼም ከኔ ሳትበልጥ አታድርም!» ብሎ አጉረመረመ ይባላል። ልብ በአንድ ቀን አይለሰልስም፤ በር ግን በአንድ ቀን ይከፈታል።

ወገኖቼ፣ ሕጉ ድርሻ ለማን እንደሚደርስ ይናገራል። አጠገቡ ያለው አንቀጽ ደግሞ ድርሻ ያልደረሰውን ሰው ዞር ብለን እንድናይ ያዘናል። አረቡ የቅዱሱን ቃል አልካደም፤ ቃሉ የተናገረላትን ልጅ ነው ወንዝ የላካት። ለካ የሚደበቀው ከገዛ እውቀቱ ኖሯል። ካለማወቅ ይልቅ አውቆ መደበቅ ይከፋል። እስቲ እናንተም ራሳችሁን ጠይቁ፤ ከእናንተ በር ውጭ የቆመው ማን ነው? ጫማችሁንስ አይቶት ይሆን?

በቅርቡ የባለቤቴ ወንድሞች የአባታቸውን ቤት ሊካፈሉ እኛ ዘንድ ተሰበሰቡ። የሟች እህታቸው ልጅ ግቢ ውስጥ ቆማለች። ሻይ አቅርቤ ስወጣ አንደኛው «በሩን ዘጋ አድርጊው» አለኝ። ልጄን እንዳዘልኩ ጎንበስ ብዬ አንድ ድንጋይ አነሳሁና፣ እንዳይዘጋ በሩ ሥር አስደግፌው ወጣሁ።