ሮብሌ ዋይስ እና የድሬው ዋንጫ

አንድ ቀን፣ የድሬዳዋ አሸዋ ጫማ አልፎ እግር በሚያቃጥልበት በግንቦት ወር፣ ሮብሌ ዋይስ የሚባል የጅቡቲ ሰው ከአውቶቡስ ወርዶ የዳርት፣ ማለትም የትንሽ ፍላጻ ውርወራ፣ ውድድር ወደሚካሄድበት አዳራሽ ገባ። ዕድሜው ከስልሳ አልፏል። ሽርጡን አገልድሞ፣ በላዩ የተተኮሰ ነጭ ሸሚዝ ለብሶ፣ ሦስቱን ዳርቶቹን በአሮጌ ካልሲ ጠቅልሎ በደረት ኪሱ ይዟል።

በር ላይ የቆሙት የውድድሩ ሰብሳቢ አቶ አዝመራው ነበሩ። ከአዲስ አበባ የተላኩ፣ በስፖርት አስተዳደር ሃያ ዓመት የቆዩ፣ በነዚያ ሃያ ዓመታት ውስጥ ከቃል በቀር አንድም ነገር ወርውረው የማያውቁ ሰው ናቸው። በዚያ ሙቀት ሙሉ ልብስ ለብሰው ክራቫት አስረዋል።

«አባታችን፣ ተወዳዳሪው ልጅዎ ነው?» አሉት በአክብሮት።

«ተወዳዳሪው እኔ ነኝ። የምትመዘግበው አንተ ነህ?»

አቶ አዝመራው ፊታቸው ጠቆረ። ሮብሌ ግን ክፋት አልነበረበትም። አማርኛውን የለቀመው በወጣትነቱ ድሬ ጣቢያ ላይ ጭነት ሲያወርድ ነው፤ የድሬ አማርኛ ደግሞ «እርስዎ» የሚባለውን ነገር ባቡሩ ላይ ረስቶት የወረደ አማርኛ ነው። ቃዲውም አንተ ነው፣ ጠጁን የሚቀዳውም አንተ ነው። አቶ አዝመራው ይህን አያውቁም። ስሙን ከመዝገቡ የመጨረሻ መስመር ላይ ጻፉትና «ይግቡ» አሉት።

ይህ ሰው ዳርት የጀመረው ጅቡቲ ወደብ ላይ የክሬን ሹፌር ሆኖ ሲሠራ ነው። አንድ የእንግሊዝ መርከብ መለዋወጫ አጥቶ አርባ ቀን ቆመ፤ የመርከቡ መካኒክ ሥራ ቢፈታ ክብ የዒላማ ሰሌዳ ከክሬን ሠራተኞች ማረፊያ ግድግዳ ላይ ሰቅሎ ላባ ያላትን አጭር ፍላጻ መወርወር አስተማረው። መርከቡ ሲሄድ ሰሌዳው እዚያው ቀረ። ችግሩ፣ ያ ማረፊያ ክፍል ቀን ከሌት የማይጠፋ ትልቅ ቬንትሌተር ነበረው። ቢያጠፉት ሰው በሙቀት ይሞታል። ስለዚህ ሮብሌ ሲማርም ሲለማመድም ነፋስ ውስጥ ነው። ዳርቷ ስንት ጣት ወደ ግራ እንደምትገፋ እጁ አውቆት፣ እሱ ሳያስበው ወደ ቀኝ ይወረውራል።

ሠላሳ አራት ዓመት ለአገሩ ወረወረ። የአገሩ ብሔራዊ ቡድን ማለት እሱ፣ የሚስቱ ወንድምና አንድ የጉምሩክ ሰው ነበሩ። የሚስቱ ወንድም ሞተ፣ የጉምሩኩ ሰው ሰብቶ ክንዱን ማንሳት አቃተው፣ ቡድኑ ሮብሌ ብቻ ሆኖ ቀረ። አሠልጣኙም እሱ፣ ተጠባባቂውም እሱ። ናይሮቢ ሄደ፣ ካይሮ ሄደ፤ ውጭ አገር ያለ አዳራሽ ሁሉ ግን ተዘግቶ ነፋስ የማይገባበት ነውና እጁ ግራ ይጋባል። ሰባተኛ ይወጣል፣ ዘጠነኛ ይወጣል። አንድ ጊዜ አራተኛ ወጣ፤ ያን ጊዜ ተወዳዳሪዎቹ አራት ነበሩ። አንድ ቦታ ደግሞ የአገሩን ባንዲራ ስላጡ በሰልፉ ላይ ባዶ ዘንግ አስይዘው አስኬዱት። እሱም ባንዲራ እንዳለው ሰው ቀጥ ብሎ ይዞት ሄደ። ሰፈሩ ሲመለስ ጎረቤት ዳርቶቹን አይቶ መርፌ ወጊ ይመስለውና ልጅ በታመመ ቁጥር በሩን ያንኳኳል።

እንግዲህ በዚያን ቀን ድሬ ላይ ስምንት ተወዳዳሪዎች ነበሩ። ሮብሌ የመጀመሪያውን ግጥሚያ በግድ አሸነፈ። ሁለተኛውን ያሸነፈው የጅጅጋው ተጫዋች ከዳኛ ጋር ተጣልቶ ቦርሳውን አንጠልጥሎ ስለወጣ ነው። ሰዎች ቀና ሲሉ ሽማግሌው ለፍጻሜ ደርሷል። ተጋጣሚው ቢላል የሚባል የድሬ ልጅ ነው፤ የባንክ ሠራተኛ፣ ሃያ አራት ዓመቱ፣ ያን ቀን አንድም ጨዋታ ሳያስቸግረው ያለፈ።

አቶ አዝመራው ሮብሌን ወደ ጥግ ወሰዱት።

«አባታችን፣ በሰው ፊት ከሚሸነፉ በክብር ቢሰናበቱ አይሻልም? ‘ራሴን አግልያለሁ’ ይበሉ። የምስክር ወረቀት አለ። ካባም እናለብስዎታለን።»

«በዚህ ሙቀት ካባ የምታለብሰኝ ምን በድዬህ ነው?»

«ለርስዎ ብዬ ነው። ልጁ ወጣት ነው። ዓይኑ የንስር ዓይን ነው።»

ሮብሌ ዓይን የሚለውን ቃል ሲሰማ ፊቱን ወደ ሰሌዳው አዞረ። የግራ ዓይኑን ሞራ ከጋረደው ዓመት ሆኖታል። ቀኙም እንደጀመረው ሐኪሙ የነገረው ባለፈው ወር ነው። ለማንም አልተናገረም፤ ለሚስቱ ለኢብላም ቢሆን። ይህ የመጨረሻው ውድድር እንደሆነ የሚያውቀው እሱ ብቻ ነበር።

«አዝመራው» አለ፣ «ከጅቡቲ ድረስ የመጣሁት ልሸነፍ ነው። ሠላሳ አራት ዓመት የሠራሁትን ሥራ በመጨረሻው ቀን አትቀማኝ።»

ሰብሳቢው ትከሻቸውን ሰብቀው ሄዱ።

አዳራሹ ጢም ብሏል። የውጤት መዝጋቢዋ ወይዘሮ ሰዓዳ፣ ጡረታ የወጡ የሒሳብ አስተማሪ ናቸው፤ ጥቁር ሰሌዳ ላይ በጠመኔ ሁለቱንም ስሞች ጽፈው ከየስማቸው ሥር አምስት መቶ አንድ፣ አምስት መቶ አንድ ብለው አስቀመጡ። ጨዋታው እንዲህ ነው፦ ሁሉም ከአምስት መቶ አንድ ይነሳል፤ የመታው ነጥብ ይቀነስለታል፤ ቀድሞ ዜሮ ላይ የደረሰው ያሸንፋል። የመጨረሻዋ ውርወራ ደግሞ የግድ የሰሌዳው ጠርዝ ላይ ያለችውን ቀጭን ቀለበት መምታት አለባት፤ እዚያ የተመታ ቁጥር በእጥፍ ይታሰባል።

ሊጀመር ሲል አቶ አዝመራው ላባቸው ከአንገታቸው ወደ ክራቫታቸው ይወርድ ጀመር።

«ቬንትሌተሮቹን አብሩ» አሉ።

«በጨዋታ ሰዓት ቬንትሌተር አይበራም» አሉ ወይዘሮ ሰዓዳ። «ደንቡ አይፈቅድም።»

«ደንቡን የፈረምኩት እኔ ነኝ። አብሩ።»

አራት ትልልቅ ቬንትሌተሮች መጮህ ጀመሩ። የቢላል የመጀመሪያ ዳርት ሃያን ለመምታት ሄዳ አምስት ላይ ተተከለች። ልጁ ዳርቷን እንደ ከዳችው ጓደኛ አያት። ሮብሌ ግን ያን ድምፅ ሲሰማ ዓይኑን ጨፈነ፤ ወደብ ላይ ያለው ማረፊያ ክፍል ውስጥ የገባ መሰለው፣ የናፍጣውና የጨው ሽታ ጭምር መጣለት። ሲወረውር እጁ አልጠየቀውም። ሃያ፣ ሃያ፣ ከዚያ ቁጥርን በሦስት የምታባዛዋን የውስጥ ቀለበት መትቶ ስልሳ።

ቢላልም የዋዛ ልጅ አይደለም፤ ነፋሱን ቀስ በቀስ ለመደው። ሁለቱም እየቀነሱ፣ እየቀነሱ ወረዱ። ሰው ትንፋሹን ውጦ ያያል። አቶ አዝመራው ይህን ጊዜ ማይክራፎን አንስተው ለሕዝቡ ማብራራት እንዳለባቸው ተሰማቸው።

«ክቡራትና ክቡራን፣ ውጤቱን ላስታውሳችሁ። ቢላል ሠላሳ ሁለት፣ አባታችን አሥራ ስድስት። ልጃችን በእጥፍ እየመራ ነው።»

ከኋላ በኩል አንድ ሰው ሳቁን በሳል ሸፈነ። ወይዘሮ ሰዓዳ ጠመኔያቸውን አዩ። ቢላል አንገቱን ደፋ።

የቢላል ተራ ነበር። ሦስቱም ዳርቶች ከቀለበቷ ውጭ አረፉ፤ ሠላሳ ሁለቱ እንዳለ ቆየ። ሮብሌ መስመሩ ላይ ቆመ። የስምንትን እጥፍ ይፈልጋል። በቀኝ ዓይኑ ሲያይ ቀለበቷ ጭጋግ ውስጥ እንዳለ የመርከብ መብራት ናት። የመጀመሪያዋ ዳርት ከቀለበቷ ወደ ውጭ ወጣች። ሁለተኛዋ ከቀለበቷ ወደ ውስጥ ገብታ ስምንት ላይ ብቻ ተተከለች፤ ስምንት ቀረው። አሁን የአራት እጥፍ ያስፈልገዋል፣ በእጁ ያለችው ደግሞ አንዲት ዳርት ናት። ቀለበቷን ለማየት መጣጣሩን ተወው። ነፋሱን ብቻ አዳመጠና ወረወረ።

«ገብታለች፣ አዴር» አለ ቢላል በቀስታ፣ በሱማልኛ አጎቴ ማለቱ ነው። ሮብሌ እሱ እስኪነግረው ድረስ አላወቀም ነበር። ወይዘሮ ሰዓዳ ከስሙ ሥር ድፍን ያለች ዜሮ ጻፉ፤ አዳራሹም ተነሥቶ አጨበጨበ።

አቶ አዝመራው ለምን እንደሚጨበጨብ አንድ ሰው በጆሯቸው እስኪነግራቸው ድረስ አብረው አጨበጨቡ። ሲነገራቸው እጃቸው ቀዘቀዘ። ዋንጫው ጠረጴዛው ላይ ነው፤ ጠዋት አስቀርጸው ያመጡት ስም «ቢላል» ይላል። ሌላ ዋንጫ የለም። ጨርሶ ባይሰጡት ሕዝቡ አለ፣ ቢሰጡት ስሙ አለ። አውራ ጣታቸውን የተቀረጸው ላይ አድርገው አስረከቡት፤ የደረሰባቸውን ኀፍረት ግን ብቻቸውን ተሸክመው ወደ አዲስ አበባ መመለስ አልሆነላቸውም። ማይክራፎኑን አልለቀቁም።

«አባታችን፣ ለወጣቶቻችን ትምህርት እንዲሆን ጥቂት ልጠይቅዎት። ስንት ዓመት ወረወሩ?»

«ሠላሳ አራት።»

«ከዛሬው በፊት ስንት ዋንጫ አገኙ?»

«የለም።»

«ሜዳሊያ?»

«አንድ ነበር። ክሩን ፍየል በላችው።»

ሕዝቡ ሳቀ፤ አቶ አዝመራውም ፈገግ አሉ። «መኪና? ቤት?»

«ቤቱ የሚስቴ ነው።»

«እንግዲያው በሐቅ ይንገሩን። ሠላሳ አራት ዓመት ሙሉ ወርውረው ወርውረው፣ በመጨረሻው ምን ቀረዎት?»

ጥያቄው ለሮብሌ አዲስ አልነበረም። ኢብላ ሻንጣውን ባሰረ ቁጥር ትጠይቀዋለች፤ ራሱም አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ማንም ሳይቀበለው ሲወጣ ስንት ጊዜ ጠይቆታል። መልስ አግኝቶለት አያውቅም። ቀና ሲል ወይዘሮ ሰዓዳ ገና ያላጠፉትን ጥቁር ሰሌዳ አየ፤ የተጻፈው ትልቅ ስለነበር ለሱም ይታየዋል።

«ምንም አልቀረኝም» አለ።

አቶ አዝመራው ወደ ሕዝቡ ዞሩ። «ሰማችሁ፣ ልጆቼ። እኔ አልተናገርኩም። ምንም አልቀረኝም አሉ።»

ሮብሌ እጁን ዘርግቶ ማይክራፎኑን ቀስ ብሎ ወሰደና ወደ ሰሌዳው ጠቆመ።

«ያውልህ አዝመራው፣ አንብበው። ቢላል ሠላሳ ሁለት ቀርቶታል። እኔ ምንም አልቀረኝም። ታዲያ ዋንጫውን ለማን ሰጠኸው?»

ዋንጫው ዛሬ ጅቡቲ፣ ከኢብላ ቴሌቪዥን አጠገብ ተቀምጧል፤ እንግዳ የተቀረጸውን አንብቦ «ቢላል ደግሞ ማነው?» ሲል የምትመልሰው እሷ ናት፦ «ሠላሳ ሁለት የቀረው ልጅ ነው።»