የታጠበው አሮጌ፣ የቆሸሸው አዲስ

አንድ መካኒክ ነበር። አጥናፉ ይባላል። ጋራዡ ገደል አፋፍ ላይ በተቆረቆረች አንዲት ትንሽ ከተማ መግቢያ ላይ ነበር። ከከተማዋ በታች ቆላ ነው። ወደ ቆላው የሚወርደው መንገድ በአንድ በኩል ግድግዳ፣ በሌላው በኩል ባዶ ነው። እዚያ መንገድ ላይ መሪ እንቢ ያለው ሰው ከእግዜር በቀር የሚለምነው የለም።

አጥናፉ አንድ ልማድ ነበረው። ከመኪና የነቀለውን አሮጌ ዕቃ በጋዜጣ ጠቅልሎ ለባለቤቱ ይሰጣል። «ያወጣሁት ይኸው» ይላል። ባለቤቱ ይጣለው፣ ያስቀምጠው፣ እሱ ግድ የለውም። ሌላው መካኒክ ያልቀየረውን ቀየርኩ ሲል አጥናፉ ማስረጃውን በእጅ ያስይዛል። ስሙ በዚህ ወጣ። በከተማዋ ሰው ሲከራከር እንኳ «እንደ አጥናፉ የነቀልኩትን ላሳይህ?» ይባባል ነበር።

በዚያችው ከተማ ጋሽ እርገጤ የሚባሉ ሽማግሌ ሹፌር ነበሩ። አንዲት አሮጌ ነጭ መኪና አለቻቸው። ቆላ እየወረዱ በሽተኛና ምጥ የያዛት ሴት ወደ ጤና ጣቢያው ያመጣሉ። ሌላ ሹፌር ወደዚያ አይወርድም።

መሪውን ከጎማ ጋር በሚያገናኘው ብረት ላይ የሚለበስ ላስቲክ አለ። እንደ አኮርዲዮን የተሸበሸበ ነው። መካኒኮች ኩፊያ ይሉታል። ሥራው መሸፈን ብቻ ነው። አቧራና ውሃ ወደ መሪው ጥርስ እንዳይገባ ይከለክላል። ኩፊያው ሲቀደድ መሪው በዚያው ቀን አይበላሽም። አፈሩ የሚገባው ቅንጣት በቅንጣት ነው። ግን ይገባል።

የጋሽ እርገጤ መኪና ኩፊያ በእርጅና ተሰነጣጠቀ። መኪናዋ የድሮ ስለሆነች ዕቃዋ አይገኝም። የእህታቸው ልጅ ዋናው ከተማ ሁለት ወር ሲፈልግ ቆይቶ አንድ አገኘና በአውቶቡስ ላከላቸው። ጋሽ እርገጤ እንደ እንቁላል በሁለት እጃቸው ይዘውት ጋራዥ መጡ።

«አጥናፉ፣ ሙሽራዋ ገባች» አሉ።

«ለላስቲክ ነው እንዲህ የሚሽኮረመሙት፣ ጋሽ እርገጤ?»

«እኔማ ጥርሴ ካለቀ ቆየ። የነጯ ጥርስ ደግሞ እንዳያልቅብኝ ብዬ ነው።»

ሁለቱም ሳቁ። አጥናፉ፣ «እርስዎ ቤት ይረፉ፤ ስጨርስ ይዤልዎት እመጣለሁ» አላቸው።

ቀኑ ቅዳሜ ነበር። አጥናፉ ከሰዓት በኋላ ሽምግልና ተጠርቷል። አንድ ወጣት ልጅ ሊያገባ ነው፤ የልጅቷ አባት ደግሞ አስቸጋሪ ሰው ናቸው። ስለዚህ የልጁ ወገኖች «ቃሉ የሚታመን ሰው ይሂድልን» ብለው አጥናፉን መርጠዋል። እሱም ከቱታው ሥር ነጭ ሸሚዙን ለብሶ ነበር የሚሠራው።

ጎማውን ፈታ። የመሪውን ጫፍ ብረት ዙሩን እየቆጠረ ፈታ፤ ሲመልስ ያንኑ ያህል ካልዞረ ጎማው ይንጋደዳልና። አሮጌውን ኩፊያ አወጣ። እስከዚህ ድረስ ሥራው የአጥናፉ ሥራ ነበር።

አዲሱ ግን አልገባ አለው። ጠባብ ነው። አፉን ግራሶ ቀብቶ፣ በጣት ትንሽ በትንሽ እየገፉ ማስገባት ነው ወጉ። ይህን ከማንም በላይ ያውቃል። ሰዓቱን አየ። ካቻቢቴ አነሳ። በካቻቢቴው ጫፍ ገፋው። ላስቲኩ ጣ አለ።

የአውራ ጣት ያህል ተቀደደ።

አጥናፉ መኪናዋ ሥር እንደተጋደመ ቆየ። ሁለት ወር የተፈለገ ዕቃ ነው። «ቀደድኩት» ቢል ምን ነበረበት? ሽማግሌው ይቆጡ ነበር፤ ከዚያ ይቀልዱ ነበር። አጥናፉ ግን ያን ቃል ተናግሮ አያውቅም። እንደሱ ያለ ስም ያለው ሰው እንዴት ብሎ ይናገራል?

ተነሣ። ግራና ቀኝ አየ። ማንም የለም።

አሮጌውን ኩፊያ በቤንዚን አጠበ። ስንጥቁን ከውስጥ በካላማዳሪያ ቁራጭና በማስቲሽ ለጠፈ። ከውጭ የጫማ ቀለም ቀባው፤ አበራ። መልሶ ገጠመው። ከዚያ አዲሱን አነሣ። በተቃጠለ ዘይት ነከረው። መሬት ላይ አንከባለለው። በጫማው ረገጠው። አሮጌ ሲመስል በጋዜጣ ጠቀለለው።

መኪናዋን ቤታቸው አደረሰ። ጋሽ እርገጤ ጎንበስ ብለው ከሥር አዩ። የሚያብረቀርቀውን ኩፊያ አይተው ደስ አላቸው። ከዚያ እየሳቁ እጃቸውን ዘረጉ።

«ያወጣኸውስ?»

አጥናፉ ጥቅሉን ሰጣቸው።

«ያወጣሁት ይኸው» አለ። ድምፁ የሌላ ሰው ሆነበት።

«እጅህ ይባረክ፣ ልጄ።»

አጥናፉ እጁን ኪሱ ውስጥ ከተተ።

ወደ ሽምግልናው ሄደ። የልጅቷ አባት ሽማግሌዎቹን አንድ በአንድ ካዩ በኋላ፣ «አጥናፉ ካለበት እኔ ምን እጠይቃለሁ?» አሉ። ልጅቷ ተሰጠች። እልል ተባለ። አጥናፉ ከሁሉም ቀድሞ ተነሥቶ ወጣ።

ከሳምንት በኋላ ጀምሮ በየጠዋቱ ጋሽ እርገጤ በጋራዡ በር ያልፋሉ። በሩ ጋ ሲደርሱ ያዘግማሉ። ጡሩምባ ሁለት ጊዜ ይነፋሉ። ትንሽ ይጠብቃሉ። ከዚያ ይሄዳሉ። አጥናፉ ያን ጡሩምባ ሲሰማ ሞተር ውስጥ አንገቱን ይቀብራል። «አዲስ ኩፊያ ላፈላልግና በዘዴ እቀይርላቸዋለሁ» ይላል በሆዱ። ነገ ይላል። ነገም ጡሩምባው ይነፋል።

ብዙ ሳይቆይ አንድ ወሬ መጣ። ጋሽ እርገጤ ቆላ መውረድ ተዉ።

ሻይ ቤት ውስጥ መሳቂያ ሆኑ። ባለ ሻይ ቤቱ፣ «ጋሽ እርገጤ ገደሉን ሲያዩ ጉልበታቸው ይከዳቸዋል አሉ» አለ።

ፀጉር አስተካካዩ ቀበል አድርጎ፣ «አሁንማ ከቤታቸው እስከ ወፍጮ ቤት ነው የሚነዱት። የጤፍ ሹፌር!» አለ።

ሰው ሁሉ ሳቀ። ጋሽ እርገጤ እዚያው ጥግ ተቀምጠው ሻያቸውን ይጠጣሉ። «እርጅና ነው፣ ልጆቼ» አሉ። አጥናፉ አጠገባቸው ነበር። ብርጭቆው ውስጥ ስኳር የለም፤ እሱ ግን ያማስላል።

አንድ ቀን እኩለ ቀን ላይ ስምንት ወንዶች ከቆላ ቃሬዛ ተሸክመው ወጡ። ቃሬዛው ላይ ጠጅቱ የምትባል ሴት አለች። ምጥ ከያዛት ሁለተኛ ቀኗ ነው። ጋራዡ በር ላይ አሳረፏትና ውሃ ለመኑ። ላብ ያጠመቀው አንዱ፣ «መኪና ያለው ሰው ቁጭ ብሎ! ያ ፈሪ ሽማግሌ! ልጅ ቢኖረው እንዲህ አያደርግም ነበር» አለ። ሴትዮዋ አቃሰተች።

አጥናፉ ውሃውን ሰጠ። ጋራዡ ውስጥ ለጥገና የመጣ የሰው መኪና ነበር። አስነሥቶ ጤና ጣቢያው አደረሳት። ልጁ በሕይወት ተወለደ። እናቲቱ ግን ሦስት ሳምንት ከአልጋ አልተነሣችም።

አጥናፉ ከጤና ጣቢያው ወደ ጋራዡ አልተመለሰም። በቀጥታ ጋሽ እርገጤ ቤት ሄደ። በር ላይ ቆሞ፣ «ጋሽ እርገጤ፣ አንድ ነገር በድዬዎታለሁ» አለ።

ሽማግሌው ወደ ጓዳ ገቡ። በጋዜጣ የተጠቀለለ ነገር ይዘው ወጡ። ፈቱት። ኩፊያው ነው። ጥቁር፣ ንጹሕ፣ ለስላሳ። የፋብሪካው ቁጥር እንኳ ይታያል።

«ሌላ ጊዜ ስገዛ ለናሙና ይሆነኛል ብዬ በሳሙና አጠብኩት» አሉ። «ሳጥበው አዲስ ሆነ። አሮጌ ዕቃ ታጥቦ ሲያረጅ እንጂ አዲስ ሲሆን አይቼ አላውቅም።»

«መቼ?»

«አንተ ባመጣኸው በሳምንቱ።»

«ታዲያ ለምን ዝም አሉኝ?»

«በርህ ላይ ለምን የማዘግም ይመስልሃል? ያን ሁሉ ጡሩምባ?»

«ሰላምታ መስሎኝ።»

«ለሰላምታ አንድ ይበቃ ነበር።»

አጥናፉ መሬት መሬቱን አየ። «ሌላ መካኒክ ጋ ለምን አልወሰዷትም?»

«ሌላ መካኒክ ቢከፍታት ያንተ ስም በማግሥቱ ያልቃል። ራስህ ብትመጣ ይሻላል ብዬ ጠበቅሁ። ሰው ጭኜ በዚያ መሪ ቆላ ከምወርድ ፈሪ ተብዬ ልቅር አልኩ።» ከዚያ ቀስ ብለው፣ «እኔም ተሳስቻለሁ» አሉ። «ያንተን ስም ስጠብቅ ጠጅቱን በሰው ትከሻ አስወጣኋት። ያ ጥፋት የእኔ ነው፤ ላንተ አልሰጥም።»

አጥናፉ አለቀሰ። ዓይኑን በቱታው እጅጌ ጠርጎ፣ «አሁን ነገርኩዎት፤ ቀለል አለኝ» አለ።

«ለእኔ ምን ነገርከኝ? የማውቀውን ነው የነገርከኝ። ሂድና ለማያውቀው ንገር።»

ኩፊያውን መልሰው ጠቅልለው ሰጡት።

አጥናፉ ሻይ ቤት ሄደ። ባለ ሻይ ቤቱ አለ። ፀጉር አስተካካዩ አለ። ቃሬዛ የተሸከሙትም ሰዎች እዚያው ተቀምጠው ትከሻቸውን ያሻሉ። አጥናፉ ጥቅሉን ጠረጴዛ ላይ አስቀመጠና ፈታው።

«ያወጣሁት ይኸው» አለ።

ከዚያ ሁሉንም ተናገረ። ካቻቢቴውን፣ ማስቲሹን፣ የጫማ ቀለሙን፣ የተቃጠለውን ዘይት። «ፈሪው እሳቸው አይደሉም። ፈሪው እኔ ነኝ» አለ።

ማንም አላጨበጨበም። ፀጉር አስተካካዩ አንገቱን ደፋ። ከተሸካሚዎቹ አንዱ ምራቁን ተፋና ወጣ። አንድ ደንበኛው ከጥግ፣ «የኔስ መኪና?» ብሎ ጠየቀ። አጥናፉ፣ «ያንተን አልነካሁም። ግን ብትጠረጥረኝ አልፈርድብህም» አለው። በማግሥቱ ያ ሰው መኪናውን ከጋራዡ አስወጣ። የልጅቷም አባት «ሰርጉ ላይ አጥናፉን እንዳላይ» ብለው ላኩ።

አጥናፉ ራሱ ዋናው ከተማ ወርዶ፣ ሱቅ ለሱቅ ዞሮ፣ ሌላ ኩፊያ አገኘ። መኪናዋን ሲከፍት ልጥፉ ለቋል፤ የመሪው ጥርስ መሐል አሸዋና ዝገት አለ። ቀኑን ሙሉ ጠረገ። አዲስ ግራሶ ሞላ። ኩፊያውን በጣቱ ትንሽ በትንሽ እየገፋ አስገባ። ጋሽ እርገጤም በርጩማ ላይ ተቀምጠው እስኪጨርስ አዩት። በማግሥቱ ቆላ ወረዱ።

ነጯ ግን እንደ ድሮዋ አልሆነችም። መሪው አይስትም፤ ነገር ግን ከተበላው ጥርስ የተነሣ ጠመዝማዛው ላይ ቀጭን ድምፅ ታሰማለች። ቋ፣ ቋ ትላለች። ሌላ ሰው አይሰማውም። አጥናፉ ይሰማዋል። በጋራዡ በር ባለፈች ቁጥር ሥራውን አቁሞ ይሰማታል። ጋሽ እርገጤም አሁን ጡሩምባ የሚነፉት አንድ ጊዜ ብቻ ነው።

ነገሩ ይኸው ነው።

ላስቲክ መቅደድ ነውር አይደለም። እጅ ያለው ሁሉ ይቀድዳል። ነውሩ አሮጌውን አጥቦ አዲሱን ማቆሸሽ ነው። ማፈርም ክፉ አይደለም፤ ያፈረ ሰው ገና ሰው ነው። ግን የደበቁት ሐፍረት አይጠፋም። ተሸካሚ ይፈልጋል። የአጥናፉን ሐፍረት ጋሽ እርገጤ በስማቸው ተሸከሙት። ስምንት ወንዶች በትከሻቸው ተሸከሙት። ጠጅቱ በወገቧ ተሸከመችው። ባለቤቱ ብቻ ነው ባዶ እጁን የሄደው።

እናንተ ያላነሣችሁትን ሐፍረት ዛሬ ማን ተሸክሞላችሁ ይሆን?