ረመጤን የቆረጠ አባት

አንድ አባት ነበረ፤ ከእኛ ፀሐይ እጅግ በራቀች፣ ተራሮቿ እሳት በሚተፉባት ዓለም የሚኖር። በዚያች ዓለም ረመጤ የሚባል ዛፍ አለ። ሙቀት ይወዳል። በረድ ያለ መሬት ላይ ከተተከለ ይጠወልጋል፤ ሥሩ ከመሬት በታች ወዳለው የቀለጠ ድንጋይ ሲደርስ ይፋፋል። ግንዱ እንደ ምድጃ ይግላል።

የአገሩ ልማድ ጥብቅ ነው። ረመጤ ተተክሎ ከጣሪያ ከፍታ ሳያልፍ ቤት አይሠራም። ለምን ተብሎ ቢጠየቅ፣ መልሱ “አባቶቻችን እንዲህ ያደርጉ ነበር” ነው።

የዚህ አባት ትንሽ ልጅ በግቢው ስትሮጥ ተደናቀፈችና ግንዱን ተደገፈች። መዳፏ ተላጠ። አባትየው ቁስሉን አየ። መጥረቢያ አነሳ።

“ተው” አለችው ሚስቱ። “አባትህ ከቤቱ በፊት ዛፉን የተከለው ያለ ምክንያት አይደለም።”

“ምክንያቱን ንገሪኛ።”

“እኔ አላውቀውም።”

“እኔ ደግሞ የልጄን እጅ አውቀዋለሁ።”

ጎረቤቱ በአጥር ላይ አንገቱን አሰገገ። “ከመንደሩ ሁሉ ተጣልተህ ስትጨርስ ዛፍ ቀረህ?”

“በዚህ ግቢ የሚያቃጥል እሱ ብቻ ነው” አለ አባትየው። “እሱ ሲወገድ እፎይ እንላለን።”

ቆረጠው።

እውነትም እፎይ አሉ። ቁስሉ ጠገገ። ልጅቱ ዛፉ በነበረበት ቦታ ትጫወት ጀመር፤ አባትየውም ደጃፉ ላይ ተቀምጦ እያያት፣ ልክ ነበርኩ አለ።

ከዚያ ወለሉ ሞቅ አለ። የፀሐያቸው ሙቀት ነው ብሎ ተወው። ምንጣፉ ከሥሩ ጠቆረ። አንድ ጠዋት ልጅቱ አንድ እግሯን አንሥታ፣ “አባዬ፣ መሬቱ ይናከሳል” አለችው።

መዳፉን መሬቱ ላይ አሳረፈ። ግለቱን ለየው፤ የግንዱ ግለት ነው። ረመጤ በዚያ ሁሉ ዘመን ከበታቻቸው የሚወጣውን እሳት እየጠጣ ነበር የኖረው። የሚያቃጥለው በእነሱ ፈንታ ነበር።

ልጁን ተሸክሞ፣ ሚስቱን አስከትሎ ወጣ። ጎረቤቱ ሲያያቸው አልቀለደም። “ግቡ” አለ ብቻ። በእሱ ግቢ፣ በረመጤው ዙሪያ፣ አፈሩ ቀዝቃዛ ነበር። ልጅቱ ግንዱን ስታይ ወደ ኋላ ሸሸች።

“አትንኪው” አላት አባቷ። “ግን አትጥዪው።”

በቀድሞ ግቢው አዲስ ረመጤ ተክሏል። ከጣሪያው ከፍታ እስኪያልፍ ግን እሱ ያረጃል። እስከዚያ ድረስ በሰው ቤት እንግዳ ነው።

በየቤታችን ሲጠጉት የሚያቃጥል ሰው አይጠፋም። ፊቱ የማይፈታ አባት። የምትቆጣ እናት። ሁሉን ለብቻዋ ተሸክማ የምትነጫነጭ ታላቅ እህት። የሚያቃጥል ሁሉ ረመጤ ነው ማለት አይደለም፤ ዝም ብሎ የሚያቃጥልም አለ። ነገር ግን የልጅ ቁስል እውነት ሆኖ ሳለ በቁስሉ ላይ የተሰጠ ፍርድ ስሕተት ሊሆን ይችላል። መጥረቢያ ከማንሣታችን በፊት የቆምንበትን መሬት በእጃችን እንዳስስ።

የእናንተ መሬት የቀዘቀዘው፣ እሳቱን ማን እየጠጣላችሁ ነው?